የእንግሊዝ ቤተ መንግሥት ማስክ፦ የሚባለውና የነበረው

ሼክስፒርን በጸጋዬ ገብረ መድኅን «ሐምሌት» ወይም በከበደ ሚካኤል «ሮሜዎና ዡልየት» በኩል የተዋወቀ ኢትዮጵያዊ አንባቢ፣ የዚያን ዘመን የእንግሊዝ ቴአትር ሲያስብ ፊቱ ላይ ድቅን የሚለው ግሎብ ነው፤ መሐሉ ጣራ የሌለው የእንጨት ቤት፣ ሳንቲም ከፍሎ ቆሞ የሚያይ ሕዝብ፣ ቀሚስ ለብሰው ሴት ሆነው የሚጫወቱ ወጣት ወንዶች። እውነት ነው፣ እንዲያ ነበር። ነገር ግን በዚያው ዘመን፣ ከቴምዝ ወንዝ ማዶ፣ በዋይትሆል ቤተ መንግሥት ከዚህ ፈጽሞ የተለየ ትርኢት ይታይ ነበር። ማስክ ይባላል። መግቢያው በገንዘብ አይገዛም። ዋነኞቹ ተጫዋቾች ንግሥቲቱ፣ ልዑላኑና መኳንንቱ ሲሆኑ ዋናው ተመልካች ንጉሡ ነው። ብዙውን ጊዜ ለአንድ ሌሊት ብቻ ይታያል፤ ለዚያች ሌሊት ግን በሺህ የሚቆጠር ፓውንድ ይፈስ ነበር።

ስለ ማስክ የሚነገረው ብዙው ነገር የተዛባ ነው፤ የመዛባቱም ምንጭ አንድ ይመስለኛል። ከነዚያ ሌሊቶች በደንብ ተርፎ እጃችን የገባው ቃሉ ነው። ከሙዚቃው ብዙው ጠፍቷል፤ የጭፈራው እርምጃ ከጨፋሪዎቹ ጋር ተቀብሯል፤ የመድረኩ ሥራ በማግስቱ ፈርሷል። የተረፈውን ይዘን ሙሉው ይኸው ነው ብለን ፈረድን። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት፣ ካልተገለጸ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ማስክ በግጥም የተጻፈ አጭር ድራማ ነው»

የባለቅኔውን የቤን ጆንሰንን ማስኮች የያዘ መጽሐፍ የገለጠ ሰው እንዲህ ቢል አይፈረድበትም። ገጹ ላይ ያለው የአማልክት ንግግር፣ ዘፈንና የደራሲው ማብራሪያ ነው። ድምፅን ከፍ አድርጎ ቢነበብ አንድ ሰዓት እንኳ አይሞላም። ትርኢቱ ግን ማታ ተጀምሮ እስከ ሌሊቱ እኩሌታና ከዚያም በላይ ይዘልቃል። ቀሪውን ሰዓት የሚሞላው ጭፈራ ነበር።

አካሄዱ በጥቅሉ እንዲህ ነው። በመጀመሪያ ለሥራው የተቀጠሩ ተዋንያን ይወጡና ጠንቋይ፣ ሰካራም ወይም ግማሽ ሰው ግማሽ ፍየል ሆነው ያለ ሥርዓት ይጨፍራሉ። ይህ ክፍል ጸረ ማስክ ይባላል። ጆንሰን ቅርጹን ያጸናለት በ1609 ለንጉሥ ጄምስ ሚስት ለንግሥት አን ባዘጋጀው «የንግሥቶች ማስክ» ነው። በዚያ ትርኢት 12 ጠንቋዮች ጭስ ከሚወጣበት ሲኦል ብቅ ብለው ሲያሟርቱና ጀርባ ለጀርባ ሲጨፍሩ ቆይተው ድንገት የብዙ መሣሪያ ድምፅ ባንድ ጊዜ ይፈነዳል። ጠንቋዮቹም ሲኦላቸውም ከዓይን ይሰወራሉ። በቦታው የዝና ቤት ቆሞ፣ ንግሥቲቱና 11 ወይዛዝርት በከፍታ ዙፋን ላይ ተደርድረው ይታያሉ። ከዚያ ወርደው ሲለማመዱት የከረሙትን ጭፈራ ያሳያሉ። አንዲት ቃል አይናገሩም። ንግግርና ዘፈን የቅጥረኞች ሥራ ነው፤ የባለ ማዕረጎቹ ድርሻ መታየትና መጨፈር ነበር።

ቀጥሎ የሚመጣው ክፍል ነው ማስክን ከድራማ ለይቶ የሚያወጣው። ጭንብል ያጠለቁት መኳንንት ወደ ተመልካቹ ሄደው እጅ እየያዙ ወደ ወለሉ ያወጣሉ፤ አዳራሹ በሙሉ ይጨፍራል። ተጫዋችና ተመልካች የሚባል ልዩነት በዚህ ያበቃል። ጆንሰን ይህን ክፍል በጽሑፉ ላይ በአንድ መስመር ጠቅሶ ያልፈዋል፤ የሌሊቱን ሰዓት የሚወስደው ግን እሱ ነው።

የሰዎቹን ፍላጎት የሚያሳይ አንድ ክስተት አለ። በ1618 ጥር ወር፣ በለንደን የቬኒስ አምባሳደር ነፍስ አባት የነበረው ኦራትሲዮ ቡሲኖ ከአንድ ጠባብ የእንግዳ መቀመጫ ሆኖ የጆንሰንን ማስክ አይቶ ያየውን ጽፎ ወደ አገሩ ላከ። ጨፋሪዎቹ ደክመው ቀዝቀዝ ሲሉ ንጉሥ ጄምስ ትዕግሥቱ አለቀ፤ ለምን አይጨፍሩም፣ ታዲያ ለምን አስመጣችሁኝ እያለ ጮኸ። ባለሟሉ ባኪንግሃም ወዲያው ዘሎ ተነሣና በአየር ላይ እግሩን እያማታ በሚያስደንቅ ቅልጥፍና ጨፈረ። ንጉሡ ቁጣው በረደለት፤ ፊቱንም ዳሰሰው። ያን ምሽት የቀረበው ግጥም ጆንሰን ከጻፋቸው ምርጦች አንዱ ነው። ንጉሡ ግን የመጣው ጭፈራ ሊያይ ነበር።

ከጆንሰን ጋር እኩል ሊጠራ የሚገባው ሰው ኢኒጎ ጆንስ ነው። ጣሊያን አገር ሄዶ ያየውን የመድረክ ጥበብ ወደ እንግሊዝ ያመጣ እሱ ነው፤ የሚሽከረከር ማሽን፣ በቦይ ላይ የሚንሸራተት ባለ ሥዕል ሳንቃ፣ አማልክት የሚቀመጡበት የሚወርድ ደመና፣ ባለ ቀለም ውኃ በሞላ ብርጭቆ ውስጥ የሚያልፍ የሻማ ብርሃን። ርቀትን የሚያስመስለው ሥዕል ሁሉ የሚለካው ከአንድ ወንበር ተነሥቶ ነበር፤ ከንጉሡ ወንበር። ከዚያ ሲታይ ጎዳናውና ባሕሩ ልኩን ይይዛል፤ ከግራና ከቀኝ የተቀመጠ ሰው ግን መሥመሩ ተዛንፎ ያየዋል። ስለዚህ ለንጉሡ ምን ያህል ቀርቦ እንደተቀመጠ ዓይኑ ራሱ ይነግረዋል። ሁለቱ ጓደኞች ከ25 ዓመት በላይ አብረው ሠርተው በ1631 ተጣሉ። መነሻው ታትሞ በወጣው ጽሑፍ ላይ የማን ስም ይቅደም የሚል ነበር። ጆንሰን ቃሉ የማስኩ ነፍስ፣ መድረኩ ሥጋው ነው ብሎ ያምን ነበር። በኋላም ቤተ መንግሥቱ ጆንሰንን ትቶ ጆንስን አስቀረ፤ የዘመኑ ፍርድ ይህ ነበር። በቻትስወርዝ ተጠብቀው የሚገኙትን ከ400 በላይ የጆንስ ንድፎች ያየ ሰው ያ ፍርድ ከምን እንደመጣ ይገባዋል።

«በሼክስፒር ዘመን ሴት መድረክ ላይ አትወጣም ነበር»

ይህ በትምህርት ቤት ሳይቀር የሚነገር ነው፤ ለለንደን የተዋንያን ማኅበራትና ለከፋይ ሕዝብ ቴአትር ልክ ነው። ለቤተ መንግሥቱ ግን ፈጽሞ አይሠራም።

ጥር 6 ቀን 1605 ማታ እንሂድ። እንግሊዝ ገና በዩልዮስ አቆጣጠር ላይ ስለነበረች ያ ዕለት በእኛ ጥር 11 ቀን 1597 ዓ.ም.፣ የጥምቀት ዕለት ነው። በዋይትሆል አዳራሽ ርዝመቱም ወርዱም 40 ጫማ የሆነ፣ ከሥሩ መንኮራኩር ያለው መድረክ ተሠርቷል። መጋረጃው ሲወርድ ሰው ሠራሽ ባሕር ይናወጣል፤ ማዕበሉ ላይ ትልቅ የዛጎል ቅርፊት ከፍ ዝቅ ይላል። በቅርፊቱ ውስጥ የስድስት ወር ነፍሰ ጡር የሆነችው ንግሥት አንና 11 ወይዛዝርት ሰማያዊና ብርማ ልብስ ለብሰው፣ በዕንቍ አጊጠው ተቀምጠዋል። ፊታቸውንና እስከ ክርናቸው ድረስ ክንዳቸውን ጥቁር ቀለም ተቀብተዋል። የኒጀር ወንዝ ልጆች ናቸው። «የጥቁረት ማስክ» ይባላል፤ የጆንሰንና የጆንስ የመጀመሪያ የጋራ ሥራ ነው። ጥቁር ሆነው መታየታቸው የንግሥቲቱ ፈቃድ እንደነበር ጆንሰን ራሱ ጽፏል። ከጨፋሪዎቹ አንዷ ሜሪ ሮዝ፣ ኋላ በእንግሊዝኛ ረጅም ልብ ወለድ ጽፈው ካሳተሙ የመጀመሪያዎቹ ሴቶች የምትቆጠረው ናት።

ያየ ሁሉ አልተደሰተም። ዱድሊ ካርልተን የተባለ ባለሥልጣን በደብዳቤው ላይ ልብሱ ለእንዲህ ያሉ እመቤቶች የማይመጥን፣ ቀለሙም አስቀያሚ ነው ብሎ አማረረ። የስፔኑ አምባሳደር ከንግሥቲቱ ጋር ሲጨፍር እጇን መሳሙን፣ ቀለሙ ከንፈሩ ላይ ሊቀር ይችል እንደነበርም ሳይጽፍ አላለፈም። ልብ በሉ፣ የካርልተን ቅሬታ ሴት ለምን ወጣች የሚል አልነበረም። ልብሱና ቀለሙ ነው ያናደደው።

ለእኛ ለአማርኛ አንባቢዎች ይህ ማስክ ከሌሎቹ ሁሉ የቀረበም የሚያምም ነው። በሰማዩ ላይ በብር ዙፋን ተቀምጣ ለልጆቹ መንገድ የምትመራው የጨረቃ አምላክ ስሟ ኢትዮጵያ ነው። ጆንሰን ስሙን የወሰደው ከጥንት የግሪክና የሮማ መጻሕፍት ነው፤ እነሱም ጥቁር ሕዝብ የሚኖርበትን ምድር ሁሉ በዚህ ስም ይጠሩ ነበርና ስለ አክሱም ወይም ስለ ሐበሻ ነገሥታት ለይቶ መናገሩ አልነበረም። የታሪኩ መነሻ ደግሞ ያስገርማል። አባታቸው ኒጀር የልጆቹ ጥቁረት ፍጹም ውበት ነው፣ ዕድሜም ሞትም አያደበዝዘውም ብሎ ይሟገታል። ሙግቱ ብርቱ ነው። ግን የማስኩ መጨረሻ ያፈርሰዋል፦ ባለቅኔዎች የነጮችን ውበት ሲያወድሱ የሰሙት ልጆች ተስፋ ቆርጠው አገር ላገር ይንከራተታሉ፤ ብሪታንያ ሲደርሱም የዚያች አገር ፀሐይ፣ ማለትም ንጉሥ ጄምስ፣ ጥቁሩን ሊያነጣ እንደሚችል ይነገራቸዋል። በ1608 በተከታዩ «የውበት ማስክ» ነጥተው ተመለሱ። ዛሬ ይህን ማስክ የሚያጠኑ ሰዎች ስለ ዘርና ስለ ቀለም የሚከራከሩበት ያለ ምክንያት አይደለም። እኔ የኒጀርን ሙግት ጆንሰን ከልቡ በጥንቃቄ እንደጻፈው አምናለሁ፤ መልሶ ለንጉሡ ክብር ሲል መሠዋቱም እዚያው ወረቀት ላይ አለ።

ከአን ቀጥላ የመጣችው ፈረንሳዊቷ ንግሥት ሄንሪዬታ ማሪያ ከዚህም አለፈች። በ1626ና በ1633 ከወይዛዝርቷ ጋር በቃል የሚነገር ድራማ ተጫወተች። በ1632 ደግሞ «ቴምፒ ሪስቶርድ» በተባለው ማስክ ላይ ወይዘሮ ኮኒያክና ወይዘሮ ሼፐርድ የተባሉ ሁለት ሴቶች መድረክ ላይ ዘፍነዋል። በዚያው ጊዜ ግድም ዊልያም ፕሪን የተባለ ጠበቃ ቴአትርን የሚያወግዝ ከ1,000 ገጽ በላይ የሆነ መጽሐፍ አሳተመና በማውጫው ላይ ሴት ተዋንያንን ሴተኛ አዳሪ ብሎ ዘለፈ። ንግሥቲቱን ነክቷል ተብሎ በ1634 ጆሮውን ተቆረጠ፣ 5,000 ፓውንድ ተቀጣ፣ ዕድሜ ልክ እስራት ተፈረደበት። በሌለ ነገር ይህን ያህል ጠብ አይነሣም።

«የሰካራሞች ፈንጠዝያ ነበር»

የዚህ አባባል ምንጭ አንድ ደብዳቤ ነው። በ1606 ክረምት የንግሥት አን ወንድም፣ የዴንማርኩ ንጉሥ ክርስቲያን አራተኛ፣ እንግሊዝን ጎበኘ። የጄምስ ሚኒስትር ሮበርት ሴሲል ቲዮባልድስ በተባለው የገጠር ቤቱ ሁለቱን ነገሥታት አስተናገደ። ሰር ጆን ሃሪንግተን እንደጻፈው የተዘጋጀው ትርኢት የንጉሥ ሰሎሞንና የንግሥተ ሳባ ታሪክ ነበር። ንግሥተ ሳባ የሆነችው እመቤት ገጸ በረከቷን ይዛ ስትቀርብ ደረጃው አደናቀፋትና የያዘችውን ወይን፣ ክሬምና ኬክ በዴንማርኩ ንጉሥ ጭን ላይ ደፋችው። ንጉሡ ከሷ ጋር ሊጨፍር ሲነሣ ራሱ ወደቀ፤ ተሸክመው አልጋ ላይ አስተኙት። ተስፋ፣ እምነትና ፍቅር ሆነው የወጡትም ሁለቱ ሰክረው ቃላቸውን መጨረስ አልቻሉም። ሰላም የሆነችው ደግሞ በወይራ ዝንጣፏ የከለከሏትን ሰዎች ጭንቅላት መታች።

ሃሪንግተን በፌዙና በቀልዱ የታወቀ ሰው ነበር። ደብዳቤው በኅትመት የወጣው ከሞተ ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው፤ ያን ምሽት እንዲህ የሚተርክ ሌላ ምስክርም የለም። ነገሩ ሁሉ እንዳለ ሆኗል ብንል እንኳ በአንድ ባላባት ቤት፣ ጠጪነቱ በታወቀ የውጭ ንጉሥ ጉብኝት ወቅት የሆነ ነው። ከእሱ ተነሥቶ የዋይትሆልን ማስክ ሁሉ መፈረጅ ግፍ ነው። ሰክሮ የሚንገዳገድ ሰው የጭፈራ መምህራን ለሳምንታት ያስጠኑትን ጭፈራ፣ ንጉሥ ፊት፣ የአውሮፓ አምባሳደሮች እያዩት፣ አሥራ ሁለት ሆኖ እኩል እግር ሊያነሣ አይችልም።

ግርግር አልነበረም ማለቴ አይደለም። በ1605ም በ1618ም ከትርኢቱ በኋላ የቀረበው ማዕድ ላይ ተጋፍተው ጠረጴዛውን ገልብጠውታል፤ ቡሲኖ የብርጭቆውን መሰባበር በጆሮው ሰምቶ መዝግቧል። ያ ግርግር ግን የግብዣው እንጂ የማስኩ አይደለም።

«ሼክስፒርም ማስክ ጽፏል»

ለቤተ መንግሥት የጻፈው ማስክ የለም። ማስክን ግን ወደ ድራማው አስገብቷል። ሮሜዎ ወደ ካፑሌት ቤት የሚገባው ጭንብል አጥልቆ ለጭፈራ እንደመጣ እንግዳ ነው። «ዘ ቴምፔስት» ውስጥ ፕሮስፔሮ ለልጁ እጮኝነት አማልክት የሚወጡበት ሙሉ ማስክ ያስደግሳል። የሱ ቡድን ተዋንያን የንጉሡ አገልጋዮች ስለነበሩ በቤተ መንግሥት ትርኢት ላይ እየተቀጠሩ ይጫወቱ ነበር፤ ልምዱ ወንዙን ተሻግሮ ወደ ሕዝቡ ቴአትር የገባውም በነሱ በኩል ይመስላል። ሰኔ 29 ቀን 1613 ግሎብ የተቃጠለው እንኳ «ሄንሪ ስምንተኛ» ሲታይ ነው፤ ንጉሡ ጭንብል አጥልቆ ወደ ካርዲናል ዎልዚ ግብዣ ሲገባ የተተኮሰው መድፍ የሣር ክዳኑን አያያዘው። ሰው አልሞተም። ሱሪው በእሳት የተያያዘ አንድ ሰው ነበር፤ በጠርሙስ ቢራ አጠፉለት።

«ባዶ ውዳሴ ነው»

ውዳሴ መሆኑን ማንም አይክድም። ባዶ የሚለው ነው የማልቀበለው። እዚያ አዳራሽ ውስጥ ማን ተጋበዘ፣ ማን ቀረ፣ ማን ከንጉሡ ስንት ክንድ ርቆ ተቀመጠ የሚለው የአገር ጉዳይ ነበር። በ1608 የስፔኑ አምባሳደር ተጠርቶ የፈረንሳዩ ላ ቦደሪ ሲቀር ነገሩ በፓሪስ ሳይቀር ቅሬታ አስነሣ፤ በተከታዩ ዓመት ፈረንሳዩ ተጋብዞ ተካሰ።

ከዚህ የበለጠ የሚናገረው «የሰላም ድል» ነው። ፕሪን የታቀፈበት የሊንከንስ ኢን የሕግ ማኅበር ነበረና የለንደን አራቱ የሕግ ማኅበራት ለጄምስ ልጅ ለንጉሥ ቻርልስ ታማኝነታቸውን ለማሳየት በ1634 የካቲት 3 ቀን ይህን ማስክ ደገሱ። ጄምስ ሸርሊ ጻፈው፤ ወጪው ከ20,000 ፓውንድ አለፈ። ከሆልበርን እስከ ዋይትሆል በችቦ ብርሃን፣ በፈረስና በሠረገላ የሄደውን ሰልፍ ለማየት የለንደን ሕዝብ መንገዱን ሞላው። በሰልፉ መካከል ግን አንድ ሰው ራሱ ላይ የካሮት እስር ሰክቶ፣ እጁ ላይ የተኮላሸ ዶሮ ይዞ ይሄዳል፤ ዶሮ በካሮት ማድለብ ፈለሰፍሁ ብሎ የብቸኝነት ፈቃድ የሚለምን ሰው ነው። ቻርልስ ያለ ምክር ቤት በሚገዛበት በዚያ ጊዜ ገንዘብ የሚያገኝበት አንዱ መንገድ እንዲህ ያለውን ፈቃድ መሸጥ ነበር። ጠበቆቹ ይህን ንጉሡ ፊት አሳዩት። ከአዘጋጆቹ አንዱ ቡልስትሮድ ኋይትሎክ ንጉሡ የነዚህን ፈቃዶች ከንቱነት እንዲረዳበት የታሰበ መሆኑን ጽፏል። ንግሥቲቱ በጣም ስለወደደችው በዚያው ወር በከተማው ውስጥ ተደገመ። ወቀሳን በወርቅ ጠቅልሎ ማቅረብ የቅኔ አገር ሰው የሚያውቀው ጥበብ ነው፤ አድርባይነት ብቻ ነው ብሎ ማለፍ ለሸርሊም ለጠበቆቹም አይገባም።

«ፑሪታኖች አጠፉት»

ፑሪታኖች የተባሉት ጥብቅ ፕሮቴስታንቶችና ማስክ እሳትና ጭድ ነበሩ የሚባለውን የሚያፈርሰው ጆን ሚልተን ነው። የኋላው የሪፐብሊክ ጠበቃ፣ መስከረም 29 ቀን 1634 በሉድሎ ቤተ መንግሥት ለብሪጅዎተር ኤርል የቀረበውን ማስክ ጻፈ። የ15 ዓመቷ አሊስ ኤጀርተንና ሁለት ታናናሽ ወንድሞቿ ተጫወቱበት፤ ሄንሪ ሎውዝ ሙዚቃውን ሠራ። ንጉሡ ተሰይፎ አገሪቱ በፑሪታኖች እጅ በነበረችበት በ1653ም የፖርቱጋል አምባሳደር ሲመጣ የሸርሊ «ኩፒድና ሞት» የተባለ ማስክ ታይቷል።

ማስኩን ከዋይትሆል ዋና አዳራሽ መጀመሪያ ያስወጣው ሥዕል ነው። ሩበንስ ለአዳራሹ ጣራ የሣላቸው ሥዕሎች በ1636 ከተሰቀሉ በኋላ የችቦ ጭስ እንዳያበላሻቸው ማስኩ በአጠገቡ ወደተሠራ የሳንቃ ቤት ተዛወረ። በጥር 1640 «ሳልማሲዳ ስፖሊያ» እዚያ ታየ፤ ቻርልስም ነፍሰ ጡሯ ሄንሪዬታ ማሪያም ጨፈሩ። ትርኢቱ በማዕበልና በቁጣ መንፈስ ተጀምሮ፣ ሕዝቡን የሚወድ ንጉሥ በትዕግሥቱ ሁከቱን ሲያበርድ ያሳያል። የንጉሡ የመጨረሻ ማስክ ሆኖ ቀረ። በስኮትላንድ የተነሣው ጦርነት ግምጃ ቤቱን እያራቆተው ነበር፤ ከዚያም የእርስ በርስ ጦርነቱ መጣ። ምክር ቤቱ ቴአትሮችን በመስከረም 1642 ሲዘጋ የሚዘጋ ማስክ አልነበረም። ጥር 30 ቀን 1649 ቻርልስ ወደ ሞቱ ሲሄድ ያለፈው በዚያው በሩበንስ ሥዕል ሥር፣ ማስክ ሲጨፈርበት በነበረው አዳራሽ ውስጥ ነው።

ጥበቡ ግን ሰው ይዞት ወጣ። የመጨረሻውን ማስክ የጻፈው ዊልያም ዳቬናንት፣ ከኢኒጎ ጆንስ ተማሪ ከጆን ዌብ ጋር ሆኖ፣ በ1656 በፑሪታኑ መሪ በክሮምዌል ዘመን ለንደን ውስጥ «የሮዴስ ከበባ»ን በዘፈንና በተንሸራታች ሥዕል አሳየ፤ ወይዘሮ ኮልማን ከዘፋኞቹ አንዷ ነበረች። በ1661 ደግሞ ሊንከንስ ኢን ፊልድስ አጠገብ ያለ የቴኒስ አዳራሽ ወደ ቴአትር ቤት ቀየረና ያንኑ ሥራ ለከፋይ ሕዝብ ከፈተው። ጆንስ ለአንድ ወንበር የለካው የርቀት ሥዕል፣ ሳንቃው ባይን እያዩት ሲንሸራተት፣ ሴትም የሴትን ቃል ስትናገር ቲኬት የገዛ ሁሉ አየው።